ስለ አንድ ፈቃድና ስለ አንድ ድስት የዱባ ሾርባ

ጥቅምት 9 ቀን

ለተወደድሽውና ለተከበርሽው ልጄ፣ ለአዋላጇ፤

ይህን ደብዳቤ የምጽፍልሽ ስለ ሁለት ጉዳይ ነው። አንደኛው ፈቃድሽን ለመጠየቅ ነው፤ ሁለተኛው የዱባ ሾርባ አሠራር እንድታስተምሪኝ ነው። እንደ ክብደታቸው አስቀድሜና አስከትዬ አቀርባቸዋለሁና አንቺም በዚያው ቅደም ተከተል እንድትመልሺልኝ እጠይቃለሁ።

ከሁሉ በፊት ሰላምታዬ ይድረስሽ። ጤናዬ ደህና ነው። ጉልበቴ ደረጃ ስወጣ ያማርራል፤ ስወርድ ግን ዝም ይላል፤ ስለዚህ አብዛኛውን ጊዜ ተስማምተን እንኖራለን። ባለቤትሽን ሰላም በይልኝ። ባለፈው ደብዳቤሽ ስልክ ለምን እንደማላነሣ ጠይቀሽኛል። የማላነሣው ስላልሰማሁ አይደለም። በስልክ የሚነገር ነገር አፍ እንዳመጣ የሚነገር ነው፤ በቤታችን ደግሞ ከባድ ነገር ተጽፎ፣ ተነብቦ፣ ተሰርዞ፣ እንደገና ተጽፎ ነው የሚላከው። ይህ ከባድ ነገር ነው።

እነሆ አንደኛው ጉዳይ። እናትሽ ካረፈች ወዲህ ብቻዬን መኖሬን ታውቂያለሽ። ከግብረ ገብ መምህርነቴ በጡረታ ከተሰናበትኩ ወዲህ ደግሞ የምገሥጸው ሰው እንኳ አጥቻለሁ። ከቤታችን ማዶ፣ ከመድኃኒት ቤቱ ቀጥሎ ባለችው ጠባብ ክፍል፣ መጽሐፍ የሚጠርዙ አንዲት ሴት አሉ። ባላቸው ከሞቱ ቆይቷል፤ ልጅ የላቸውም። ቀጥ ያሉ፣ ቁም ነገረኛ፣ ቃላቸውን የሚጠብቁ ሰው ናቸው። እኒህን ሴት ለትዳር ልጠይቃቸው አስቤአለሁ። ሆኖም አንቺ የእናትሽ ልጅ ነሽና፣ ቤቱም ያንቺ ቤት ነውና፣ አንቺ ሳትፈቅጂ አንዲት ቃል ከአፌ አትወጣም። ምክንያቴንም ላስረዳሽ። ሰው ብቻውን ሲኖር ሥርዓት ይጎድለዋል። ሁለት በዕድሜ የገፉ ሰዎች ቢደጋገፉ ለማንም ሸክም አይሆኑም። ጨዋ ከጨዋ ጋር ሲኖርም ለሰፈሩ አርአያ ይሆናል። እነዚህ የሚበቁ ይመስለኛል።

ሁለተኛው ጉዳይ ከአንደኛው የሚወለድ ነው። ጥያቄዬን የማቀርብላቸው ቤቴ ጋብዣቸው፣ በራሴ እጅ የሠራሁትን ምግብ አቅርቤ ነው። ሰውን ለእንዲህ ያለ ነገር በሌላ ሰው እጅ ሥራ አልጋብዝም። ይሁን እንጂ እሳቸው ከእንስሳ የሚገኝ ምንም ነገር አይበሉም፤ ሥጋ ብቻ ሳይሆን ወተትም፣ ቅቤም፣ እንቁላልም። ምክንያታቸውን ብጠይቃቸው ቀኑን ሙሉ እጃቸው ከቆዳና ከአጥንት ሙጫ ጋር እንደሚውል ነገሩኝና፣ ማዕዳቸው ላይ እንኳ እንስሳው ይረፍ አሉኝ። ነገሩ ግን የቀልድ አይደለም። ከጥቂት ዓመታት በፊት ዘመዶቻቸው ጋብዘዋቸው፣ ምንም የለበትም ብለው አረጋግጠውላቸው፣ ምግቡ ውስጥ ቅቤ ሸሽገው አበሏቸው። በልተው ሲጨርሱም ሳቁባቸው። ከዚያን ቀን ወዲህ ያንን ደጃፍ አልረገጡም፤ በሰው ቤትም እህል አልቀመሱም። የእኔን ግብዣ እሺ ማለታቸው በራሱ ምን ያህል አደራ እንደሆነ ይገባሻል። ከምግብ ሁሉ የሚወዱት ወፍራምና ልስልስ ያለ የዱባ ሾርባ መሆኑን ነግረውኛል።

እዚህ ላይ አንድ የሕሊና ጥያቄ ገጥሞኛል። ሬዲዮ የምንለው ጎረቤታችን ፀጉር አስተካካዩ እንደሚለው፣ ይህ ሾርባ ወተት ሳይነካው ክሬም የፈሰሰበት መስሎ ይታያል። ዕድሜዬን ሙሉ ሰው የሆነውን መስሎ ይታይ ብዬ ያስተማርኩ ነኝ። አሁን ያልሆነውን መስሎ የሚታይ ሾርባ፣ ያውም በተንኮል ለተጎዱ ሰው፣ ማቅረብ ከማታለል አይቆጠርም ወይ? ወይስ ቀጠን አድርጌ ልሥራው?

መልስሽን የሚጠብቅ፣
አባትሽ


ጥቅምት 17 ቀን

የምወድዎ አባዬ፤

እንደምን ሰነበቱ? ስለ ዘገየሁ ይቅርታ ያድርጉልኝ። የዚህ ከተማ ሕፃናት ተነጋግረው ይመስል በአንድ ሰሞን መጡብን። ደብዳቤዎን ማዋለጃ ክፍሉ በር ላይ ቆሜ አነበብኩት። አንዲት ምጥ የያዛት እናት ፊቴን አይታ «ክፉ ነገር ነው እንዴ?» ብላ ጠየቀችኝ። የዱባ ሾርባ ነው አልኳት። ምጧን ረስታ ስለ አሠራሩ ትነግረኝ ጀመር።

ስለ ሕሊና ጥያቄዎ። አባዬ፣ ዱባ ሲበስል በተፈጥሮው ልስልስ ነው፤ ከወተት አልተዋሰውም። ሾርባ ደግሞ አይናገርም፤ የሚናገረው አቅራቢው ነው። እርስዎ ያልሆነውን ነው እስካላሉ ድረስ በዚያ ማዕድ ላይ የዋሸ የለም። ቀጠን አድርጌ ልሥራው ያሉትን ግን ይተዉት፤ ቀጥኖ ሲሠራ የዱባ እጣቢ ነው የሚሆነው፤ በእጣቢ ደግሞ ሰው ለትዳር አይጠየቅም።

አሠራሩ ይህ ነው። ዱባውን ለሁለት ሰንጥቀው ፍሬውን ያውጡ። ሆዱን ዘይት ይቀቡና ትሪ ላይ በሆዱ ደፍተው ኦቨን ውስጥ ይክተቱት። ሹካ ሲወጉት ካልተከራከረ በስሏል። ያኔ ሥጋውን ከልጣጩ በማንኪያ ይጫሩት። አይቀቅሉት፤ የተቀቀለ ዱባ ውሃ ይይዛል፤ በኦቨን የበሰለው ግን ጣፋጭነቱ ይወጣለታል። እሱ እስኪበስል ቀይ ሽንኩርት አድቅቀው በዘይት፣ በቀስታ፣ ሳይጠቁር ያለስልሱት። ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል በመጨረሻ ይግቡ። የልስላሴው ምሥጢር ካሹ የሚባለው ለውዝ ነው፤ ማታ ውሃ ውስጥ ነክረው ያሳድሩት፤ ከቸኮሉ ደግሞ እስኪለሰልስ ይቀቅሉት። ሁሉንም ከትኩስ ውሃ ጋር ብሌንደር ውስጥ ይፍጩ። ብሌንደሩን እስከ አፉ አይሙሉት፤ ክዳኑንም ጥርቅም አድርገው አይዝጉት፤ ትኩስ ነገር መተንፈሻ ይፈልጋል፤ መሐል ያለችውን ቡሽ ነቅለው ፎጣ ጣል ያድርጉበት። በመጨረሻ ጨው፣ ቁንዶ በርበሬና ጥቂት ሎሚ። ደግሞም ይቅመሱ፤ ሁልጊዜ ይቅመሱ።

ያቺ እናት ወንድ ልጅ ወልዳለች። ካሹ ካጡ ድንች ይሠራል ብላለች።

አንደኛውን ጉዳይ በተመለከተ፣ ጥሬ ዱባ ጠንካራ ነውና ሲሰነጥቁት ጣትዎን ይጠብቁ።

ልጅዎ


ጥቅምት 27 ቀን

ለልጄ፤

ከዚያኛው በኋላ አስከትለሽ የላክሽው አጭር ደብዳቤም ደርሶኛል። የጠየቅሽኝን በየተራው እመልሳለሁ።

ስለ ጣሪያው፦ ጣሪያው ደህና ነው። ስለ ግድግዳው ሰዓትና ስለ ፀጉር አስተካካዩ ሸሚዝ ለጠየቅሽኝም መልሴ ያው ነው። ማን እንደነገረሽ አልጠይቅም፤ ሬዲዮ የሚል ስም ለሰው በከንቱ አይወጣለትም። ስለ ክዳኑ ማስጠንቀቂያ መስጠትሽን አልክድም። እኔ ግን ክዳን የተሠራው ለመዝጋት ነው ብዬ አመንኩ፤ ዘጋሁትም፤ በሁለት እጄም ጫንኩት። ከዚያ በኋላ የሆነውን ከእኔ ይልቅ ጣሪያው ያውቀዋል።

ቀምሰው ነበር ወይ ላልሽው፦ አልቀመስኩም። እኔን ያሳደጉኝ ሰዎች ድስት ላይ ቆሞ መቅመስን የሌብነት ታናሽ ወንድም አድርገው ነው ያስተማሩኝ። ለእንግዳ የተሠራ ነገር አስቀድሞ ወደ እንግዳው አፍ እንጂ ወደ ሠሪው አፍ አይገባም ብዬ ነው የኖርኩት። ስለዚህ በመጀመሪያው ሙከራ ጨው መዘንጋቴን ያወቅሁት ፀጉር አስተካካዩን ለፈተና ጠርቼ ካስቀመጥኩት በኋላ ነው። አንድ ማንኪያ ዋጠ፤ ቀና ብሎም አየ። ጣሪያው ላይ የቀረው ሳይሻል አይቀርም አለኝ።

በሁለተኛው ሙከራ ጨው ጨመርኩ። ለስንት ሰው ነው ብዬ አሰብኩ፤ ከቀማሹ ጎረቤታችን ጋር ለሦስት ነው፤ ለእያንዳንዱ ሰው አንድ የሾርባ ማንኪያ ጨው መደብኩ። እኩል ማካፈል ፍትሕ መስሎኝ ነበር። ያ ምስኪን ሰውዬ በአንድ ትንፋሽ አንድ ማሰሮ ውሃ ጠጥቶ፣ ምን በድዬህ ነው ብሎኝ ሄደ። በማግሥቱ ፀጉሬን ሊቆርጠኝ ፈቃደኛ አልነበረም፤ ምላጭ በእጄ ይዤ አንተን ማየት ለሁለታችንም አይበጅም አለኝ።

በአጭሩ ደብዳቤሽ ላይ፣ ሳይቀምስ የሚሠራ ሰው መልሱን ሳያነብ ነጥብ እንደሚሰጥ መምህር ነው ብለሽ ጽፈሻል። ይህ ቃል ቆጥቁጦኛል፤ የቆጠቆጠኝም እውነት በመሆኑ ነው። በሦስተኛው ሙከራ የማድ ቤቱን በር ዘግቼ ቀመስኩ። ልጄ፣ ሁለተኛ ማንኪያ ወሰድኩ። ሦስተኛውን የወሰድኩት ለማረጋገጥ ነው። አራተኛውን የምጠራበት ስም የለኝም። ቀለሙ የማለዳ ፀሐይ ያረፈችበት ግድግዳ ይመስላል፤ ምላስ ላይ ሲያርፍ ደግሞ ማኘክ የሚባል ነገር የተረሳ ይመስላል። ወተት እንዳልነካው የማውቀው እኔ እንኳ ተጠራጥሬ የጨመርኩትን አንድ በአንድ ቆጠርኩ።

አሁን ወደ አንደኛው ጉዳይ ልመለስ። ደብዳቤዎችሽን ፊታቸውን ብቻ ሳይሆን ጀርባቸውንም ገልብጬ አንብቤአለሁ። ስለ ዱባ ያላልሽው የለም፤ ስለ ፈቃዱ ያልሽው የለም። የግብዣውን ቀን ሁለት ጊዜ አራዝሜዋለሁ፤ ያልተፈቀደልኝን ጥያቄ በሆዴ ይዤ ሰው ከማዕድ ፊት አላስቀምጥምና። እሳቸውም ምን እንደሚያስቡ አላውቅም። ትናንት በደጃቸው ሳልፍ አንገታቸውን ብቅ አድርገው ዱባው ገና አልደረሰም ወይ ብለው ጠየቁኝ። ባርኔጣዬን አንሥቼ አለፍኩ።

ቅር ብሎሽ ከሆነ ቅር ብሎኛል በይኝ። መልስ የነፈግሽኝ ምን በድዬ ነው?

አባትሽ


ኅዳር 4 ቀን

የምወድዎ አባዬ፤

ይቅርታ። ዱባውን መሸሸጊያ አድርጌው ነበር።

የመጀመሪያውን ደብዳቤዎን ሳነብ አለቀስኩ፤ ስለ እናቴ ነው። እሱ አልፏል፤ ማለፍም ነበረበት፤ እርስዎ በዚያ ቤት ውስጥ ከግድግዳ ሰዓት ጋር ሲነጋገሩ እንዲያረጁ አልፈልግም። እንደገና ሳነበው ያስቆጣኝ ግን ሌላ ነገር ነው። ሥርዓት ይጎድላል አሉኝ። ሸክም ላለመሆን አሉኝ። ለሰፈሩ አርአያ አሉኝ። አባዬ፣ የክፍል አለቃ እየመረጡ ነው እንዴ?

አንድ ቀን እናቴ ልብስ እያጠፍን የነገረችኝን ልንገርዎ። እየሳቀች ነው ያለችው፤ ሳቋ ግን ሙሉ አልነበረም። «አባትሽ ይወደኛል፤ ማስረጃውን ግን ሁልጊዜ ከሌላ ሰው ነው የምሰማው» አለችኝ። መምህራን ጓደኞችዎ ስለ እሷ ምን እንዳሉ ይነግሯት ነበር። ከእርስዎ አፍ አልሰማችም።

ፈቃዴን የያዝኩት ስለ ራሴ ብዬ አይደለም፤ ስለ እኒያ ሴት ብዬ ነው። በገዛ ዘመዶቻቸው የተታለሉ ሰው ናቸው፤ ልባቸው ምን እንደሚፈልግ እገምታለሁ። እሳቸውን እንደ ግብረ ገብ ትምህርት ምዕራፍ ሊያገቧቸው ከሆነ፣ እኔ እሺ ብዬ የዚያ ተባባሪ መሆን አልፈልግም። ሾርባውን ጎርሰው፣ አመስግነው፣ ወደ ጥረዛቸው ቢመለሱ ይሻላቸዋል።

ስለዚህ አንድ ነገር ይጻፉልኝ። ምክንያት ያልሆነ ነገር ይሁን። እስኪመጣ እጠብቃለሁ።

ልጅዎ


ኅዳር 11 ቀን

ልጄ፤

ደብዳቤሽ እንደደረሰኝ ተቆጥቼ የጻፍኩልሽ መልስ ነበር፤ ቀድጄዋለሁ። ስለ እናትሽ የጻፍሽውን ደጋግሜ አንብቤዋለሁ። ስለ እሱ ዛሬ አልጽፍም።

ምክንያት ያልሆነ ነገር ፈልገሻል። እነሆ።

እኒህን ሴት ያወቅኋቸው ጀርባው የተገነጠለ መዝገበ ቃላቴን ይዤ ሄጄ ነው። ክሩን በመርፌ እያስገቡ፣ ቀና ሳይሉ፣ አንብበውታል ወይ አሉኝ። ከመጀመሪያው ቃል እስከ መጨረሻው በተራ አንብቤዋለሁ አልኳቸው። ያን ጊዜ ቀና አሉና «አደራ እንዳይነግሩኝ፤ መጨረሻውን ራሴ ልድረስበት» አሉኝ። እዚያ ቆሜ አልሳቅሁም። ቤቴ ገብቼ ፊቴን ስታጠብ ሳቅሁ። የሳሙናው አረፋ አፌ ገባ፤ እሱም አላስቆመኝም። የማን ሳቅ ነው ብዬ ቀና ብዬ መስታወቱን አየሁ።

ከዚያ በኋላ ሌላ መጽሐፍ ወሰድኩ፤ ቀጥሎም ሌላ። መደርደሪያዬ ላይ ያልተጠረዘ መጽሐፍ አልቀረም። ወደ መጨረሻ የስልክ ማውጫውን ወሰድኩ። ስልክ እንደማላነሣ ያውቃሉ፤ ቢሆንም አንዲት ቃል ሳይተነፍሱ በቡናማ ቆዳ አስጊጠው ጠረዙልኝ። አሁን ለመሄድ የሚያበቃኝ ነገር ስለሌለኝ በደጃቸው አልፋለሁ፤ መድኃኒት ቤቱ የዚያን ያህል መድኃኒት የማያስፈልገው ሰው ደጋግሞ ሲያልፍ አይቶ አያውቅም።

ሌላም ልጨምር። ቀን የሚሆነውን ሁሉ ለእሳቸው የምነግርበትን ቃል ስመርጥ ራሴን አገኘዋለሁ። ባለፈው የመድኃኒት ቤቱ ድመት መስኮቱ ላይ አንቀላፍታ ስትወድቅ አየሁ። ያየሁት እኔ ነኝ፤ ነገሩ የሆነ የመሰለኝ ግን ለእሳቸው ከነገርኳቸው በኋላ ነው።

እወዳቸዋለሁ። ይህ ምክንያት አይደለም፤ በዝርዝሩ ውስጥ ያላስገባሁትም ስለዚህ ነው።

አባትሽ


ኅዳር 18 ቀን

አባዬ፤

እሺ። በሙሉ ልቤ እሺ።

ደብዳቤዎን ለባለቤቴ አነበብኩለት፤ ስለ ስልክ ማውጫው ሲሰማ ሻዩ ትን አለው። ጨው በትንሿ ማንኪያ ነው። ክዳኑ ላይ ፎጣ። ቀኑን ከእንግዲህ እንዳያራዝሙ፤ ዱባውም ሴትዮዋም ይሰለቻሉ።

ምን ብለው እንደመለሱልዎ ቃል በቃል ይጻፉልኝ። አሳጥረው፣ አሳምረው እንዳይልኩልኝ።

ልጅዎ


ኅዳር 28 ቀን

ለተወደድሽው ልጄ፤

ባዘዝሽኝ መሠረት ሳላሳጥርና ሳላሳምር እጽፍልሻለሁ።

እሑድ እኩለ ቀን ላይ መጡ። ግራጫ ሻርፕ አድርገዋል። እጃቸው ላይ ሁልጊዜ የማትጠፋው ሙጫ እንኳ በደንብ ታጥባ ለቅቃለች። ሰው እንዳያማን ብዬ ፀጉር አስተካካዩንም ጋብዤው ነበር፤ አስቀድሜም አፉን እንዲሰበስብ አስምዬዋለሁ። ጠረጴዛውን አልብሼ፣ ዳቦ ቆርሼ፣ ሾርባውን በነጭ ሳህን አቀረብኩ። ላዩ እንደ ሐር ተኝቷል። ቀምሼዋለሁ፤ በሩን ሳልዘጋ ነው የቀመስኩት።

ፀጉር አስተካካዩ እንግዳይቱን ሳይጠብቅ አንድ ማንኪያ ጎረሰ፤ ዓይኑን ጨፈነ፤ ከዚያም «ወንድሜ፣ እንዲህ ያለውን ክሬም ከየት አገኘኸው?» አለ።

ማመስገኑ ነበር። በሆዱ ክፋት የለም፤ አፉ ግን በር የለውም። የእሳቸው ማንኪያ ከሳህኑ ወደ አፋቸው መንገድ ላይ ነበረች፤ ቆመች። ድምፅ ሳያሰሙ ከሳህኑ አጠገብ አስቀመጧት። ክሬም አለበት ወይ ብለው ጠየቁኝ፤ በቁጣ አይደለም። የለበትም አልኳቸው። ሳህኑን ትክ ብለው እያዩ «እዚያም ቤት እንዲሁ ነበር ያሉኝ» አሉ።

ልጄ፣ ደሜ ፈላ። ይህን ያህል ዘመን ስኖር ቃሌን የተጠራጠረ ሰው አልገጠመኝም። ተማሪዎቼ ማስመሪያው የሚል ስም አውጥተውልኝ ነበር፤ ጠልተውኝ ያወጡት ቢሆንም ጠማማ ብሎኝ የሚያውቅ ግን የለም። እኔ የለበትም ካልኩ የለበትም የሚል አረፍተ ነገር ጥርሴ ላይ ደርሶ ነበር። እሱን ብናገር ኖሮ ክብሬ እንደ ተጠበቀ ይቀር ነበር፤ እሳቸውም አመስግነው፣ ሻርፓቸውን አስተካክለው ይሄዱ ነበር። ከመናገሬ በፊት ግን ፊታቸውን አየሁ። ፊታቸው ላይ ያለው ክስ አልነበረም፤ ፍርሃት ነበር። ይህም ቤት እንደዚያኛው ቤት ሆኖ እንዳይገኝ የሚፈራ ሰው ፊት ነው። ሊያምኑኝ እየፈለጉ ማመን ያቃታቸው ሰው መሆናቸውን ሳይ ቁጣዬ የት እንደገባ አላውቅም።

ተነሥቼ ኮቴን አውልቄ ወንበሩ ላይ ሰቀልኩት። የዱባው ሌላኛው ግማሽ እንዳለ ነገርኳቸው፤ ማድ ቤት መጥተው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሲሠራ እንዲያዩ ጠየቅኋቸው። ፀጉር አስተካካዩ እሱም ሊከተለን ብድግ ሲል በድሮው ድምፄ ተቀመጥ አልኩት። እንደ ተማሪ ተቀመጠ።

ማድ ቤት በርጩማ አቀረብኩላቸው። ቁም ሣጥኑን ከፈትኩላቸው፤ ፍሪጁንም ከፈትኩላቸው። ለሻዬ የምጠቀምበትን ወተት እንኳ አስቀድሜ ለጎረቤት ሰጥቼው ስለነበር፣ በፍሪጁ ውስጥ ከውሃና ከሎሚ በቀር የሚታይ አልነበረም። ባዶ ፍሪጅ ማሳየት እንዲህ ያኮራል ብዬ አስቤ አላውቅም። ዱባውን ዘይት ቀብቼ ኦቨን ውስጥ አስገባሁት። ካሹውን ጣድኩት። እያንዳንዱን ነገር ከማንሣቴ በፊት ስሙን ጮክ ብዬ እናገራለሁ፦ ይህ ዘይት ነው፤ ይህ ዝንጅብል ነው፤ ይህ ነጭ ሽንኩርት ነው። ለብዙ ዓመት ያስተማርኩ እኔ እንደዚያን ቀን በትኩረት የሚከታተል ተማሪ አላየሁም። ከዚያ ቀይ ሽንኩርቱን መክተፍ ጀመርኩ።

ዱባው ገና ሙቀቱ እንኳ ሳይሰማው፣ ከበርጩማው ተነሥተው ወጡ። ቢላዋውን ይዤ ባለሁበት ደርቄ ቀረሁ። ሄዱ አልኩ በልቤ። የውጭው በር ድምፅ ግን አልተሰማም፤ ወንበር ሲንቀሳቀስ ሰማሁ፤ ከዚያ የፀጉር አስተካካዩን ማጉተምተም ሰማሁ። ተመልሰው ሲገቡ ሳህናቸውን ይዘዋል፤ ያንኑ የመጀመሪያውን ሾርባ። ቀዝቅዞ ላዩ ቆዳ አውጥቷል። ኦቨኑ አጠገብ ግድግዳውን ተደግፈው፣ እዚያው እንደ ቆሙ፣ ይበሉት ጀመር።

ገና ነው፣ ማረጋገጫው አልደረሰም፣ ይጠብቁ አልኳቸው። በማንኪያው እጃቸው ሽንኩርቴን እንድቀጥል ምልክት ሰጡኝና መብላታቸውን ቀጠሉ። ቸኩለው አልበሉም። የሳህኑን ግርጌ ጭረው ጨረሱት። ዱባው ኦቨን ውስጥ ነበር፤ ካሹው ገና አልለሰለሰም ነበር፤ ያረጋገጥኩላቸው አንዳች ነገር አልነበረም።

ያዘጋጀሁት ንግግር ነበረኝ፤ መግቢያ፣ ሐተታና መደምደሚያ ያለው። ለቀናት አጥንቼዋለሁ። ከሦስቱ አንዱም አልመጣልኝም። የወጣኝ ይህ ብቻ ነው፦ በቀን የሚሆነውን ሁሉ ማታ ለእርስዎ እየነገርኩ መኖር እፈልጋለሁ፤ ያገቡኛል ወይ አልኳቸው።

ሳህኑን መታጠቢያው ውስጥ አስቀመጡ። አፋቸውን በሻርፓቸው ጫፍ ጠረጉ። ከእግሬ እስከ ራሴ አዩኝ፤ ቀስ ብሎ የጀመራቸው ሳቅ ትከሻቸውን ሁሉ አንቀጠቀጠው፤ ከወዲያኛው ክፍል ያለው ፀጉር አስተካካይ ምን ሆናችሁ ብሎ እስኪጣራ ድረስ ሳቁ። ከዚያ እንዲህ አሉኝ፦

«እሺ፣ አገባዎታለሁ፤ አሁን ግን ቢላዋውን ያስቀምጡና እንባዎን ይጥረጉ፤ ቢላዋ ጨብጦ እያለቀሰ የለመነኝን ሰው ነው ያገባሁት ብዬ ለማን ልናገር ነው?»